የማንም ያልሆነው በሬ

ደሴ፣ ሆጤ ሰፈር ካለው ቤቴ አንዷን ክፍል የተከራየኝ ወጣት የባዮሎጂ አስተማሪ ነው። ባለፈው ሳምንት ትምህርት ቤት የሚሰቅለውን ትልቅ የእንስሳት ሥዕል ግቢው ውስጥ ዘርግቶ የተቀደደ ጠርዙን በፕላስተር ሲለጥፍ ነፋሱ እያነሣበት ተቸገረ። የደሴን ነፋስ ታውቁታላችሁ፤ ከጦሳ ተራራ ሲወርድ ልብስ ከገመድ ላይ ይዞ ይሄዳል። «እማማ፣ እባክዎ ይቺን ጫፍ ይያዙልኝ» አለኝ። ጎንበስ ብዬ ስይዝለት ዓይኔ ሥዕሉ ላይ አረፈና አፌ ሳላዘው ይቆጥር ጀመር፦ የጀርባ አጥንት ያላቸው፣ የጀርባ አጥንት የሌላቸው፤ ወተት የሚያጠቡ፣ እንቁላል የሚጥሉ፤ ባለ ላባ፣ ባለ ቅርፊት። ልጁ ፕላስተሩን በጥርሱ እንደያዘ ቀና ብሎ አየኝ።

«እማማ ከዲጃ፣ ይኼን የት ተማሩት?»

«ማን ያስተምረኛል፤ አስተምሬው ነው እንጂ» አልኩት።

የምቀልድ መስሎት ሳቀ። እኔም አብሬው ሳቅኩ። ከዚያ ቀን ወዲህ ግን ምሳዬን ስጎርስ ምላሴ ላይ የባሩድና የተቃጠለ ፀጉር ጣዕም ይመጣብኛል። ምክንያቱን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ። ዛሬ ልንገራችሁ።

ነገሩ የሆነው በደርግ ጊዜ፣ ኮምቦልቻ ላይ ነው። አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። የተወለድኩት ደሴ ቢሆንም አባቴ ሲሞት እናቴ ሁላችንንም ማሳደግ አቃታትና እኔን ለአባቴ እኅት፣ ለአክስቴ ለሐዋ ሰጠችኝ። አክስቴ ሎሚና ቃሪያ ነጋዴ ነበረች፤ ልጅ አልወለደችም፤ እኔን በሁለት እጇ ነው የተቀበለችኝ። ከደሴ ኮምቦልቻ መውረድ ጋቢ አውልቆ መጣል ነው። የሐረጎን ጠመዝማዛ መንገድ ስትወርዱ መጀመሪያ ጆሯችሁ ይደፈናል፤ ሲከፈት ደግሞ ሙቀቱና የማሽላው ሽታ አብረው ይገባሉ።

ትምህርቴን ስድስተኛ ክፍል ላይ አቋረጥኩ፤ ማንበብ ግን አልተውኩም። የመድኃኒት ብልቃጥ ላይ የተጻፈውን ሳይቀር አነብ ነበር። ጎረቤታችን ያለው ባለሱቅ ስኳርና ጨው የሚጠቀልለው ከአሮጌ መጻሕፍት እየገነጠለ ነው። አንድ ቀን ስኳር ገዝቼ ስመለስ መጠቅለያው ላይ የላም አጽም ተስሎ አየሁ። ስኳሩን ዕቃ ላይ ገልብጬ እየሮጥኩ ተመለስኩ። «የቀረውን ስጠኝ፤ በምትኩ ጋዜጣ አመጣልሃለሁ» አልኩት። የስድስተኛ ክፍል የሳይንስ መጽሐፍ ነበር፤ እንስሳት እንዴት እንደሚመደቡ የሚናገረው ክፍል ሙሉውን ማለት ይቻላል ተረፈልኝ። ስለ ዓሣ የሚያወራው ገጽ ግን ቀድሞኝ ሄዷል። የማንን ቤት ጨው ጠቅልሎ እንደሄደ አላህ ይወቀው። እስካሁን ድረስ ዓሣ ሲነሣ ወሬ እለውጣለሁ።

የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ መጣና ቀበሌው ማንበብ የሚችል ሰው ሲያስስ እኔን አገኘ። አርባ ጎልማሳ ሰጡኝ። ፊደሉን ከለዩ በኋላ «ለኑሮ የሚጠቅም ዕውቀት» ይጨመርላቸው ተባለ። ምን እንደሚጨመር ግን ማንም አልነገረኝም። እኔ ደግሞ የማውቀው ያቺን የተቀደደች መጽሐፌን ነው። እሷኑ ይዤ ገባሁ።

ክፍላችን የቀበሌው አዳራሽ ነው፤ ትምህርቱ ከአሥር ሰዓት በኋላ። ሰዎቹ ከሥራ በቀጥታ ስለሚመጡ አዳራሹ ላብ፣ አፈርና ጥንቅሽ ይሸታል። የጥንቅሽ ወራት ነበር፤ የማሽላውን ጣፋጭ አገዳ እየላጡ፣ እያኘኩ፣ ምጣጩን ከወንበር በታች እየጣሉ ነው የሚማሩት። ብዙ ጊዜ ተቆጥቼ ተውኩት። የሚያኝክ ሰው ቢያንስ አያንቀላፋም።

ከአርባዎቹ ሦስቱን ላስተዋውቃችሁ። አንደኛዋ አክስቴ ሐዋ ናት፤ በሃምሳ ዓመቷ ፊደል የቆጠረች፣ ከኋላ ተቀምጣ ነገር የምትቆሰቁስ። ሁለተኛው አባ ይማም ነው፤ ዕድሜውን ከባቲ በግመል ጨው ሲያመላልስ የኖረ፣ ሶላቱን የማያጓድል ሽማግሌ። ሦስተኛዋ በላይነሽ ናት፤ ክርስቲያን ናት፤ ባሏ ሞቶባት ሦስት ልጆች በቀን ሥራ ታሳድጋለች። አዲስ የሚከፈተው ፋብሪካ ሰው የሚቀጥረው የመሠረተ ትምህርት ምስክር ወረቀት ካለው ነው ተብሎ ስለነበር በላይነሽ አንድም ቀን አልቀረችም። ታናሽ ልጇን አዝላ እየቆመች ነበር የምትጽፈው።

በመጀመሪያው ቀን ወለሉ ላይ በጠመኔ ሁለት ክብ ሠራሁና «እስቲ እናንተ እንደምታውቁት እንስሳትን መድቡልኝ» አልኳቸው።

«ምን ያስቸግራል» አለ አባ ይማም። «የሚበላ ወዲህ፣ የማይበላ ወዲያ።»

ላምና ፍየል ወዲህ፣ ጅብና ውሻ ወዲያ ሆኑ። ግመል ላይ ስንደርስ ክፍሉ ተሰነጠቀ።

«ግመልማ ወዲህ ነው» አለ አባ ይማም።

«ምን በወጣኝ» አለች በላይነሽ። «እኛ ሰኮናው ያልተሰነጠቀ አንበላም።»

«ማን ብይ አለሽ? ግመሌን ከጅብ ጋር አታስሪብኝ ነው የምልሽ።»

«ለመሆኑ በሬስ የማን ነው?» አለች አክስቴ ከኋላ፣ እያወቀች።

«ቆሞ ከሆነ የባለቤቱ ነው፣ እመት ሐዋ» አለ አባ ይማም። «ከተጋደመ በኋላ ግን ማን አረደው ብለሽ ጠይቂ።»

ሁሉም ሳቀ። ወሎን ለማያውቅ ሰው ይኼን ላስረዳ። እኛ ዘንድ እስላምና ክርስቲያን ይጋባል፣ ይዋለዳል፣ አንዱ የሌላውን ሬሳ ይሸከማል። ሥጋ ላይ ግን ክርስቲያን ያረደውን እስላም አይበላም፤ እስላም ያረደውን ክርስቲያን አይበላም። ሠርግ ሲኖር ሁለት አራጅ፣ ሁለት ድስት ነው። ማንም አይቀየምም። ሥጋህን አልበላም ማለት አልወድህም ማለት አይደለም፤ እንዲያውም የጎረቤቱን አራጅ ሳይጠራ የደገሰ ሰው ነው የሚወቀሰው።

እኔም ልጅነት ነውና የመጽሐፌን ዕውቀት ላሳይ ብዬ «አሁን የእኔን ስሙ» አልኩ። «በሬ ማን እንደሚያርደው አያውቅም። እስላም ይረደው ክርስቲያን፣ የጀርባ አጥንቱ ያው ነው፤ ደሙ ሞቃት ነው፤ ያሳደገችው ወተት የምታጠባ እናት ናት። ምድቡ አይለወጥም።» ወደዱት። ከዚያ በኋላ መንገድ ላይ ያገኙትን ሁሉ መመደብ ልማድ ሆነባቸው። በላይነሽ ከልጇ ቀሚስ ቁንጫ ይዛ መጥታ እግሩን ካልቆጠርሽልኝ ብላኛለች።

ወጥመዱን በገዛ አፌ ማጥመዴን ያወቅሁት የአውራጃው ካድሬ ለግምገማ የመጣ ቀን ነው። የሌላ አገር ልጅ ነበር፤ ከእኔ በአምስት ወይም በስድስት ዓመት ቢበልጥ ነው። ጫማው ይጠበው ነበር መሰለኝ ቆሞ እንኳ እግሩን ይቀያይራል። «ምን ተማራችሁ?» ሲል በላይነሽ ልጇን አዝላ ተነሣች። እኔን ያስመሰገነች መስሏት፣ አንድም ቃል ሳትስት፣ «በሬን እስላም ይረደው ክርስቲያን፣ ምድቡ አይለወጥም» አለች።

ካድሬው ማስታወሻውን አወጣ። «እሺ፣ ድገሚው» አላት። ደገመችለት። ሲጽፍ ፊቱ ይበራ ነበር።

በሳምንቱ ትእዛዙ መጣ። ጣቢያችን የአውራጃው ሞዴል ሆኗል። በምረቃው ቀን አንድ በሬ ይጣላል፤ ኋላ ቀር ልማድ መሞቱን ለማሳየት ሁሉም ከአንድ ትሪ ይበላል። መጀመሪያ የምትጎርሰው አስተማሪዋ ናት። ምስክር ወረቀቱ የሚታደለው ከምግቡ በኋላ ነው። ረቡዕ ወይም ዓርብ ቢያደርገው ክርስቲያኖቹ ጾም ነው ባሉ ነበር፤ እሱ ግን እሑድ አደረገው።

ቢሮው ድረስ ሄጄ «ጓድ፣ እኔ ያስተማርኩት ስለ እንስሳው ነው፤ ስለ ሰው አይደለም» አልኩት።

«ልዩነቱ ምንድን ነው?» አለኝ።

ዛሬ ቢጠይቀኝ፣ እንስሳው ማን እንደሚያርደው አይጠይቅም፤ ሰው ይጠይቃል፤ ልዩነቱ ይኼው ነው እለው ነበር።

«አልበላም ያለ አስተማሪ ያስተማረውን አያምንበትም ማለት ነው» አለ። «ያላመነበትን ያስተማረ ደግሞ ምን እንደሚባል ታውቂያለሽ።» ድምፁን አላነሣም። ከፍ ባለ ድምፅ ቢናገር ይሻለኝ ነበር።

ደጋን የምትባል ከተማ ላለ ሙሔ ለሚባል ልጅ ታጭቼ ነበር። ቤተሰቡ ቁርኣን የሚቀራበት ቤት ነው። ያልተባረከ ሥጋ በላች ከተባለ እጮኝነቱ ይፈርሳል፤ ሙሔን ደግሞ ወድጄዋለሁ። ከሱም በላይ እኔ ራሴ አልፈልግም። ይኼን የሚረዳልኝ ብዙ አላገኘሁም። ሰው ምን ይለኛል ብቻ አልነበረም፤ ጉሮሮዬ ነበር እንቢ የሚለው።

ደሴ እናቴ ዘንድ ልሸሽ አሰብኩ። ያኔ ከከተማ ለመውጣት የቀበሌ የይለፍ ወረቀት ያስፈልጋል፤ ስጠይቅ «ከምረቃው በኋላ» አሉኝ። ዓርብ ጠዋት እንዲያው ሽንኩርት በጫነ መኪና ላይ ወጣሁ። ኬላው ላይ ወረቀት አሉኝ። የለኝም አልኩ። ያወረደኝ ፈታሽ ክፉ ሰው አልነበረም፤ «እኅቴ፣ በእግርሽ ተመለሺ፤ ስምሽን አልመዘግብም» አለኝ። በማሽላው መሐል ተመለስኩ። ወፍ ጠባቂዎች ከማማቸው ላይ ወንጭፋቸውን ያስጮሃሉ፤ ወፉ ከአንዱ ማሳ ይነሣና ሌላው ላይ ያርፋል፤ ከዚያም ያስነሡታል።

ቤት ስገባ አክስቴ ሎሚ ትለቅም ነበር። የት እንደዋልኩ አልጠየቀችኝም።

«አክስቴ፣ ምን ይሻለኛል?»

«ብይ አልልሽም፤ አትብይም አልልሽም» አለች። «ብይ ብዬሽ ብትበይ እኔ አበላሁሽ። አትብይ ብዬሽ ቢወስዱሽ እኔ አስወሰድኩሽ። አብሽሪ፤ አላህ የሚያደርገውን ያውቃል።» የበሰበሰችውን ሎሚ ለይታ ወዲያ ወረወረችና ዓይኗን በክንዷ ጠረገች። የሎሚ ውሃ የገባባት መሰለች።

እሑድ በሬውን የቀበሌው ግቢ ውስጥ አሰሩት። ዳማ፣ ሰፊ ግንባር ያለው በሬ። ሁለት አራጆች፣ አንድ እስላም አንድ ክርስቲያን፣ ቢላቸውን በጨርቅ ጠቅልለው እንደ ሠርግ ቤት ጎን ለጎን ቆሙ። ካድሬው አያቸውና ራሱን ነቀነቀ።

«ማናችሁም አታርዱም» አለ። «አንዳችሁ ካረዳችሁ የአንዳችሁ ይሆናል። ዛሬ የማንም አይሆንም፤ የሁሉም ነው።» አንዱን ሚሊሻ ጠራ።

ሚሊሻው ጠመንጃውን ወደ በሬው ግንባር ሲያስጠጋ እንኳ አልገባንም ነበር። ተኮሰ። በሬው በጉልበቱ ወረደና ወደ ጎን ወደቀ። ቢላ አልነካውም፤ በሱ ላይ የማንም ጸሎት አልተባለም፤ የአላህም ሆነ የሥላሴ ስም አልተጠራም። ያን ጊዜ ከግቢው በሁለቱም ወገን አንድ ቃል ተሰማ፣ በሹክሹክታ፣ እኩል፦

«በክት።»

ካድሬው አልሰማም። እዚህ አገር ሳይታረድ የሞተ ከብት በክት እንደሚባልና ክርስቲያኑም እስላሙም እንደማይነካው ማንም አልነገረውም። ሁላችንንም አንድ ሊያደርገን ፈልጎ ነበር፤ አደረገን። ያ የሞተ በሬ አጠገብ ሆኜ ልስቅ ምንም አልቀረኝም።

«ልክ ነው፣ ጓድ» አለ አባ ይማም በትሩን ተደግፎ። «አሁን የማንም አይደለም።»

እንሥራ የሚሉ ሴቶች ጠፉ። ሚሊሾቹ ራሳቸው ቆራርጠው፣ ከነፀጉሩ የቀረውን ሳይቀር በርሜል ክዳን ላይ ጨው ነስንሰው ጠበሱት። ጭሱ ግቢውን ሞላው። ካድሬው ወረቀቶቹን በቀይ ጥብጣብ አስሮ በብብቱ ይዟል። ትሪውን ፊቴ አስቀመጠና «መምህርት ትጀምር» አለ።

በላይነሽ አጠገቤ ነበረች። የሷ ወረቀት እዚያ ብብት ውስጥ ነው። ትለምነኛለች ብዬ ፈርቼ ነበር። ጎንበስ ብላ፣ ልጇ በጀርባዋ እንደተኛ፣ በጆሮዬ እንዲህ አለችኝ፦ «ተይው፣ ልጄ። ወረቀቱ ይቅርብኝ።»

እሷ እንዲህ ባትለኝ ኖሮ እንቢ እል ነበር ብዬ አምናለሁ።

እጄን ስዘረጋ የአባ ይማም ድምፅ ተሰማ። በበትሩ ወደ ሰማይ ይጠቁማል። «መምህርታችን ብትፈቅድ፣ አንድ ጥያቄ አለኝ። ያ ከላይ የሚዞረው ከየትኛው ምድብ ነው?»

ሥጋውን አይቶ የመጣ ጥንብ አንሳ ነበር። አባ ይማም ጀርባውን ሰጠኝ። ከዚያ አክስቴ። ከዚያ አንድ በአንድ፣ ከዚያም በአንድ ጊዜ፣ አርባው ሰው ፊቱን አዞረና ወደ ሰማይ አንጋጠጠ።

«ላባ አለው» አለ አንዱ።

«እንቁላል ይጥላል።»

«የጀርባ አጥንትስ?»

«እንዴታ፤ ያለ ጀርባ አጥንት እንዴት ይበራል?»

«ቢራቢሮስ ይበር የለ?»

«አንተ ደግሞ ነገር አታበላሽ።»

ጎረስኩ። ቢስሚላህ ልል ከንፈሬ ተንቀሳቀሰና ተውኩት፤ በዚያ ሥጋ ላይ ስሙን መጥራት ከመብላቱ ባሰብኝ። ጠንካራ ነበር። ብዙ ማኘክ ነበረብኝ። እያንዳንዷ ማላመጥ የምትሰማ እየመሰለኝ ሳኝክ እነሱ ድምፃቸውን ከፍ ያደርጉልኛል።

«ጥርስ የለውም» አለች አክስቴ ሐዋ ጀርባዋን እንደሰጠችኝ። «መንቁር ነው ያለው። ጥርስ የለውም።»

ዋጥኩ።

ካድሬው አይቶኛል፤ ያየኝ እሱ ብቻ ነው። «አሁን ተማሪዎች» ሲል ሁሉም እየመጣ በእጁ ቁራጭ ይዞ ሄደ። ሥጋው ሁሉ ከአጥሩ ጀርባ ለውሾች ሲወረወር እሱ ማስታወሻው ላይ አቀርቅሮ ይጽፍ ነበር። አሁን ሳስበው እሱም ፊቱን ያዞረ ይመስለኛል። የሚልከው ሪፖርት ነበረበት፤ ጫማውም ይጠበው ነበር። ወረቀቶቹን አደለ። በላይነሽ የሷን ተቀብላ በነጠላዋ ጫፍ ቋጠረችው፤ ወር ሳይሞላ ፋብሪካ ገባች።

የሙሔ ዘመዶች ወሬ ሰምተው ከደጋን መጡ። ቤት ለቤት ጠየቁ። አባ ይማም «አላየሁም» አለ። አክስቴ «አላየሁም» አለች። በላይነሽ በማርያም ምላ «አላየሁም» አለች። ማንም አልዋሸም። ስለዚህ ተዳርኩ፤ ከሙሔ ጋር ሠላሳ ዓመት ኖርኩ፤ አንድም ቀን አልነገርኩትም። ብነግረው አርባ ሰው ጀርባውን ያዞረበትን ነገር እኔው አዙሬ ማሳየቴ ነው። ለእኔ ሲሉ በሩን ከውጭ ዘጉት፤ ማንም እንዳይገባብኝ። እኔ ውስጥ መቅረቴን ግን አላሰቡትም።

አክስቴ ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል ተኝታ ሳለ፣ ሊያልቅላት ሲል፣ አጠገቧ ተቀምጬ «አክስቴ፣ አውፍ በይኝ፤ ይቅር በይኝ» አልኳት። «ስለምኑ?» አለች። «ስለዚያ እሑድ...» ብዬ ስጀምር ከሲታ እጇን አንሥታ አፌን ከደነችው። «እኔ አሞራ ሳይ ነበር» አለች።

ሙሔም ሞተ፤ አባ ይማምም፤ በላይነሽም አምና ቀበርናት። አሁን የምነግረው ማንንም ስለማላሳጣ ነው።

አንድ ሸህ፣ የሌላ ሰው ጉዳይ አስመስዬ ብጠይቃቸው፣ «የተገደደ ሰው ወንጀል የለበትም» ብለውኛል። ልቤ ግን አልተቀበለውም። ጠመንጃው በበሬው ግንባር ላይ ነበር እንጂ በእኔ ላይ አልነበረም። በላይነሽም ተይው ብላኛለች። እኔ ነኝ እጄን የዘረጋሁት፤ ለሷ ስል። ታዲያ ከተገደዱት ልመደብ ወይስ ከወደዱት? አርባ ሰው መመደብ ያስተማርኩ ሴት ራሴን የማስቀምጥበት ክብ አጣሁ።

ያን ቀን ቢመልሱልኝና በላይነሽ ልጇን አዝላ በጆሮዬ «ተይው፣ ልጄ» ብትለኝ፣ ዛሬም የምበላ ይመስለኛል። ወላሂ ግን አልልም።